በአደይ አበባ ዋጋ ውስጥ የሌለው ነገር

መስከረም ሲጠባ ስልካችን ቢጫ ይሆናል። ቴሌግራም ላይ የአደይ ስቲከር፣ ቲክቶክ ላይ ከግሸን መንገድ የተቀረጸ ቪዲዮ። መስከረም 21 ለግሸን ማርያም ንግሥ ወደ አምባሰል የሚጓዝ ሰው የሚደርሰው ልክ በአበባው ወቅት ነው። ግን አደይ ስክሪን ላይ እየበዛች ሜዳው ላይ እያነሰች ብትሄድስ?

አደይ የኑግና የሱፍ ዘመድ ናት። ክረምቱን ዝናብ በጠጣ ሜዳ፣ በማሳ ዳር፣ በመንገድ ጠርዝ ትወጣለች። ፈክታ የምትቆየው ጥቂት ሳምንት ነው። ከዚያ ትደርቅና ዘሯን ትበትናለች። የሚቀጥለው መስከረም አደይ የሚመጣው ከዚያ ዘር ነው።

አሁን ወደ ኢኮኖሚክሱ እንምጣ። ለእንቁጣጣሽ ዋዜማ አንድ እቅፍ ስንገዛ የምንከፍለው ለለቀመው ልጅ ድካምና ለትራንስፖርት ነው። ለሜዳው የሚከፍል የለም። ዘር ሳትጥል የተቀጠፈች አበባ ኪሳራዋ በማንም ደብተር ላይ አይጻፍም። ለበዓል የምንጎዘጉዘው ቄጠማም ታሪኩ ያው ነው፤ ውሃ ከሚተኛበት ሜዳ ታጭዶ ይመጣል፣ ሜዳው ግን ዋጋ የለውም።

ታዲያ ጥፋተኛው አበባ ሻጩ ነው? አይደለም። እሱ የሚወስደው የአንድ ዓመት ዘር ነው። ሜዳው ሲታረስ፣ ረግረጉ ሲጠነፈፍ፣ ባሕር ዛፍ ሲተከልበት ወይም ቤት ሲሠራበት ግን የሚሄደው መሬቱ ራሱ ነው። ከአደይ ጋር ንቧም ቀሰሟን ታጣለች፤ ከክረምት በኋላ የሚቆረጠው ማር የሚመጣው ከእነዚህ አበቦች ነው።

"የጋራ የሆነ ነገር መጥፋቱ አይቀርም" የሚል ካለ መንዝ ጓሳን ይመልከት። የአካባቢው ሰው "ቄሮ" በሚባል ሥርዓት የጓሳ ሣሩን ለዓመታት ዘግቶ፣ ተስማምቶ ይከፍተው ነበር። ሥርዓቱ ከ1967ቱ የመሬት አዋጅ በኋላ ፈረሰ፤ ኋላ ግን ሕዝቡ ጥበቃውን በአዲስ መልክ መልሶ አደራጀው። ጓሳ ዛሬም አለ። ኤሊኖር ኦስትሮም እ.ኤ.አ. በ2009 በኢኮኖሚክስ ኖቤል የተሸለመችውም ይህንኑ በማሳየቷ ነው፤ ሰዎች ራሳቸው ደንብ አውጥተው የጋራ ሀብታቸውን ማቆየት ይችላሉ።

ይህ ለአምባሰልም ይሠራል። በየቀበሌው ከሜዳው አንድ ቁራጭ ዘር እስኪረግፍ፣ እስከ ኅዳር ሳይታጨድና ሳይጋጥ ቢቆይ ብዙ በጀት አይጠይቅም። አበባ የሚሸጡ ወጣቶችም ዘሩን ሰብስበው ጓሯቸው ቢዘሩት ሥራ ይሆናቸዋል።

እኛ ገዢዎችስ? ፎቶ ከማንሳታችን በፊት ሻጩን "ከየት መጣች?" እንበለው። "ራሴ ዘርቼ ነው" ካለን ሳንከራከር ጨምረን እንክፈል። ያኔ ዘሩም ዋጋ ይኖረዋል።