ንጉሡ ከዝሆኑ ሲወርዱ

እኛ ማርኬቲንግ ውስጥ የምንሠራ ሰዎች የማይለቀን አንድ ጥያቄ አለ፤ ባለቤቱ ሲሄድ ስሙ ይቀጥላል ወይ? አባት ለአርባ ዓመት ያቆሙት ሱቅ ልጅ በተረከበው በሁለተኛው ዓመት ሲዘጋ ሁላችንም አይተናል። ጥያቄውን ከንግድ አውጥተን ወደ በዓል ስንወስደው ደግሞ ይከብዳል። ንጉሥ ያቆመው በዓል ዘውዱ ሲወርድ ምን ይሆናል? ጥሩ መልስ ያላት አንዲት ከተማ ደቡብ ሕንድ ውስጥ ትገኛለች፤ ማይሶር ትባላለች።

ማይሶር ዛሬ በካርናታካ ግዛት ያለች ከተማ ናት። ቀድሞ ግን ዎዲያር የተባለ ሥርወ መንግሥት የሚገዛት፣ የራሷ ቤተ መንግሥት ያላት መናገሻ ነበረች። በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1610 (ሌሎቹም ዓመታት በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ራጃ ዎዲያር በአቅራቢያዋ ያለችውን ሽሪራንጋፓትናን ያዙና ዳሳራ የተባለውን በዓል እዚያ በይፋ ማክበር ጀመሩ። ከባዶ የፈጠሩት ግን አልነበረም። ከእሳቸው በፊት ደቡብ ሕንድን ይገዙ የነበሩት የቪጃያናጋራ ነገሥታት በታላቅ ሰልፍ ሲያከብሩት ኖረዋል። እነዚያ ነገሥታት በ1565 በጦርነት ክፉኛ ሲሸነፉ ወጉ ባለቤት አጣ፤ ራጃ ዎዲያር አነሡት። ለሕዝቡ የተላለፈው መልእክት ግልጽ ነበር፤ የታላላቆቹ ወራሽ ማን እንደሆነ እዩ የሚል ነው።

በዓሉ አሥር ቀን ይቆያል። ጊዜው የሚቆጠረው በጨረቃ ስለሆነ ከዓመት ዓመት ቢለዋወጥም አብዛኛውን ጊዜ በእኛ መስከረምና ጥቅምት ላይ ይውላል። ሂንዱዎቹ እንደሚተርኩት፣ ቻሙንዴሽዋሪ የተባለችው እንስት አምላክ ማሂሻሱራ የተባለውን የጎሽ መልክ ያለው ጋኔን ተዋግታ ያሸነፈችበት መታሰቢያ ነው። የከተማዋ ስም ራሱ ከዚያ ጋኔን ስም የመጣ ነው ይባላል። የእንስት አምላኳ ቤተ መቅደስም ከተማዋን ቁልቁል ከሚያየው የቻሙንዲ ኮረብታ ላይ ይገኛል።

በአሥረኛው ቀን ያጌጡ ዝሆኖች ከቤተ መንግሥቱ ተነሥተው ባኒማንታፕ እስከሚባለው ሜዳ ይሰለፋሉ። መሪው ዝሆን የሚሸከመው አምባሪ የሚባል በወርቅ የተለበጠ መቀመጫ ክብደቱ 750 ኪሎ ግራም ያህል ነው። ቤተ መንግሥቱ ራሱ በ1897 ተቃጥሎ፣ በእንግሊዛዊው አርክቴክት በሄንሪ አርዊን ንድፍ እንደገና ተሠርቶ በ1912 ያለቀ ነው። በበዓሉ ምሽቶች ወደ 100,000 የሚጠጉ አምፖሎች ይበሩበታል።

በድሮው ጊዜ በአምባሪው ላይ የሚቀመጡት ንጉሡ ራሳቸው ነበሩ። ሕዝቡ መንገድ ዳር ቆሞ የሚጠብቀው እሳቸውን ለማየት ነው። ከዚያ 1947 መጣ፤ ሕንድ ነፃ ወጣች፤ ማይሶርም ከሕንድ ጋር ተቀላቀለች። የመጨረሻው ንጉሥ ጃያቻማራጃ ዎዲያር ለጥቂት ዓመታት የግዛቱ አገረ ገዥ ሆነው ቢያገለግሉም፣ በ1971 የሕንድ ሕገ መንግሥት ተሻሽሎ የቀድሞ ነገሥታት ማዕረግና ከመንግሥት የሚከፈላቸው ዓመታዊ ገንዘብ ቀረ። ንጉሡ ከዝሆኑ ወረዱ።

እንደ ማርኬቲንግ ሰው ካሰብነው በዓሉ እዚህ ላይ ማለቅ ነበረበት። ፊቱ የሄደበት፣ ከፋዩ የሄደበት በዓል ነው። የሆነው ግን ሌላ ነው። የግዛቱ መንግሥት ዝግጅቱን ተረከበ፤ በንጉሡ ቦታ የቻሙንዴሽዋሪ ምስል በወርቁ አምባሪ ላይ ተቀመጠ፤ ሕዝቡም መምጣቱን አልተወም። የንጉሡ ቤተሰብ ደግሞ በቤተ መንግሥቱ ውስጥ የራሱን ሥርዓት እስከ ዛሬ ለብቻው ይፈጽማል።

ለምን አልተተወም? እኔን የሚያሳምነኝ መልስ ያለው ሰልፉ ላይ ሳይሆን ሳሎን ውስጥ ነው። ዳሳራ ሲደርስ በማይሶር ብዙ ቤተሰቦች ሳሎናቸው ውስጥ እንደ ደረጃ የተሠራ መደርደሪያ ያቆማሉ፤ የደረጃዎቹ ቁጥር ሁልጊዜ ጎዶሎ ነው፤ ሦስት፣ አምስት፣ ሰባት ወይም ዘጠኝ። ነጭ ጨርቅ ያለብሱትና አሻንጉሊቶች ይደረድሩበታል። ከሁሉ በላይ የሚቀመጡት ከእንጨት የተቀረጹ ንጉሥና ንግሥት ናቸው። እነዚህን ጥንድ አሻንጉሊቶች ብዙ ጊዜ እናት ለልጇ በሠርጓ ትሰጣታለች። ከሥር አማልክት፣ ነጋዴ፣ ሙዚቀኛ፣ ገበሬ፣ አንዳንዴም ሙሉ የሠርግ አጀብ ወይም ገበያ ይሰለፋል። ልጆች ከጎረቤት ጎረቤት እየዞሩ የማን ድርደራ እንደሚያምር ያያሉ፤ በየቤቱም ጣፋጭ፣ ወይም ኮኮናት የተደረገበት የሽምብራ ንፍሮ ይሰጣቸዋል።

እንግዲህ አስቡት። ንጉሡ ከዝሆን ጀርባ ሲወርዱ በየቤቱ መደርደሪያ አናት ላይ ያለውን የእንጨት ንጉሥ ማንም አላወረደውም። እሱን የሚያስቀምጠው መንግሥት አይደለም፤ እናት ናት፤ የሚያቀብላትም ልጅ ነው።

ሌላም አለ። በዘጠነኛው ቀን ሰው የሚተዳደርበትን መሣሪያ ያከብራል። ቤተ መንግሥቱ የንጉሡን ሰይፍ ሲያከብር፣ ሾፌሩ አውቶቡሱን አጥቦ ቢጫ አበባ ያንጠለጥልበታል፤ መካኒኩ መፍቻውን፣ ልብስ ሰፊዋ መኪናዋን ታከብራለች። በአሥረኛው ቀን ደግሞ ሰዎች ባኒ የተባለውን ዛፍ ቅጠል ይለዋወጣሉ። የንጉሡ ሥርዓትና የሾፌሩ ሥርዓት አንድ ዓይነት ናቸው፤ ልዩነቱ የዕቃው ዋጋ ነው። በዓሉ ከንጉሡ ጋር ያልሄደው ለዚህ ይመስለኛል። እያንዳንዱ ሰው የየራሱ ድርሻ ነበረው።

ይህን ስል ግን ሁሉም ነገር ሰላም ነው ማለቴ አይደለም። ባለቤቱ ብዙ የሆነ ነገር ክርክሩም ብዙ ነው። በ2025 የግዛቱ መንግሥት በዓሉን እንድትከፍት የመረጠው በዚያው ዓመት ዓለም አቀፉን የቡከር ሽልማት ያሸነፈችውን ደራሲ ባኑ ሙሽታቅን ነበር። ሙስሊም በመሆኗ የተቃወሙ ሰዎች ጉዳዩን ፍርድ ቤት ወሰዱት። ፍርድ ቤቶቹ አልተቀበሏቸውም፤ እሷም በቻሙንዲ ኮረብታ ተገኝታ በዓሉን ከፈተች። አንዱ ወገን የሃይማኖት በዓል ነው ይላል፤ ሌላው የግዛቱ ሕዝብ ሁሉ በዓል ነው ይላል። የዝሆኖቹም ነገር አለ። ያንን ክብደት ተሸክመው በሕዝብና በጩኸት መካከል ኪሎ ሜትሮች መጓዛቸው ተገቢ አይደለም የሚሉ ጥቂት አይደሉም። አምባሪውን ለስምንት ዓመት የተሸከመው አርጁና የተባለው ዝሆን በ2023 ሌላ የዱር ዝሆን ለመያዝ በተደረገ ሥራ ላይ እያለ ሲሞት ብዙ ሰው እንደ ቤተሰብ አዝኖለታል።

ወደ እኛ ቤት ልመልሰው። በዓል በደረሰ ቁጥር «የዛሬ ልጆች ባህል አያውቁም» ሲባል እሰማለሁ። የማይሶርን ነገር ካወቅሁ በኋላ ግን የምጠይቀው ሌላ ነው፤ በዚያ ቀን ልጁ ምን ሥራ ነበረው? ቄጠማውን የጎዘጎዘው ማን ነው? ፈንዲሻውን ለጎረቤት ያዞረው ማን ነው? ሁሉን እናት ብቻዋን ከሠራችው፣ ልጁም አዲስ ልብሱን ለብሶ ስልኩን ይዞ ከተቀመጠ፣ ተመልካች እንጂ ባለድርሻ አላደረግነውም። ተመልካች ደግሞ ሌላ የተሻለ ትርኢት ሲያገኝ ይሄዳል።

ስለዚህ ለመጪው በዓል ከግዢው ዝርዝር ጎን አንድ ሌላ ዝርዝር ጻፉ። ለእያንዳንዱ ልጅ በየዓመቱ የእሱ ብቻ የሚሆን አንድ ሥራ ስጡት፤ ለትንሿም ጭምር። ሲኒ መደርደር ሊሆን ይችላል፤ አያቷ ዘንድ ድፎ ዳቦ ማድረስም ሊሆን ይችላል። አንድ ሲኒ ቢሰበር አትቆጡ፤ በሚቀጥለው ዓመትም ያንኑ ሥራ መልሳችሁ ስጧት።