ባትሪው ላይ ያለውን ቁጥር ማን ለካው?

በየሱቁ «9,900 ሚሊአምፒር-ሰዓት» ተብሎ የተጻፈባቸው 18650 የሚባሉ የሊቲየም ባትሪዎች ይሸጣሉ። ቁጥሩ ውሸት ነው። በዚሁ መጠን፣ 18 ሚሊሜትር ውፍረትና 65 ሚሊሜትር ርዝመት፣ እነ ፓናሶኒክና ሳምሰንግ እንኳ ለዓመታት የሠሩት ትልቁ አቅም 3,500 አካባቢ ነው።

መለካቱ ከባድ አይደለም። ባትሪው እስከ 4.2 ቮልት ይሞላል፤ ከዚያ ወደ 2.5 ቮልት እስኪወርድ በ1 አምፒር እየሠራ ሰዓቱ ይያዛል። ሦስት ሰዓት ከቆየ አቅሙ 3,000 ነው፣ አለቀ። (ሚዛንም ያጋልጣል፤ ደህናው ከ45 እስከ 50 ግራም ገደማ ይመዝናል።)

ዘይት ስንገዛ ሊትሩ ትንሽ ቢጎድል እንጮሃለን፤ ሁለት ሦስተኛው ወሬ ለሆነ ባትሪ ግን ዝም ብለን እንከፍላለን። አስመጪው «ከፋብሪካው እንዲህ ተጽፎ ነው የመጣው» ይል ይሆናል። ይሁን፤ ከየጭነቱ አሥሩን አስለክቶ ውጤቱን ካርቶኑ ላይ ይለጥፍ፣ ጉምሩክም ያለዚያ አያሳልፈው።