ፊልሙ ከሠረ፣ ማስታወቂያው ግን ሸጠ

ዕቃው ሲያንስ የደላላው ምላስ ይረዝማል። እ.ኤ.አ. ከ1950ዎቹ እስከ 1970ዎቹ በአሜሪካ በርካሽ ወጪ ይሠሩ የነበሩት የደም፣ የወሲብና የጭራቅ ፊልሞች የኖሩት በዚህ ዘዴ ነው። ዛሬ እነዚያን ፊልሞች ቁጭ ብሎ የሚጨርስ ጥቂት ነው። የሁለትና የሦስት ደቂቃ ማስታወቂያዎቻቸው ግን ለብቻቸው ተሰብስበው በዲቪዲ እስከ መሸጥ ደርሰዋል። አሜሪካኖች ትሬይለር ይሏቸዋል፤ እንደ ከባድ መኪናው ተሳቢ መሆኑ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ይታዩ የነበረው ፊልሙ ካለቀ በኋላ ነበርና።

የፊልሙ ገንዘብ የፈሰሰባቸው ጥቂት ትዕይንቶች በሙሉ ማስታወቂያው ውስጥ ተጠቃለው ስለሚገኙ የዛሬው ተመልካች ምርቱን ወስዶ ገለባውን ይተዋል። ሻጮቹም ቢሆኑ ከዕቃው ይልቅ ለማስታወቂያው ይጨነቁ ነበር። የአሜሪካን ኢንተርናሽናል ፒክቸርስ መሥራች ጄምስ ኒኮልሰን አስቀድሞ ርዕስና ፖስተር ያዘጋጅ ነበር፤ ድርሰቱ የሚጻፈው ከዚያ በኋላ ነው። ፈላጊ መኖሩን ሳያጣራ ፋብሪካ የሚተክል ባለሀብት ይህን ቢያስብበት አይከፋም። ዊልያም ካስል ደግሞ በ1958 «ማካበር» የተባለውን ፊልሙን ሲያወጣ፣ በድንጋጤ ለሚሞት ተመልካች የ1,000 ዶላር የሎይድስ ኢንሹራንስ ገብቶ ነበር።

ከሁሉም የባሰው የሮጀር ኮርማን ኩባንያ ነው። በ1970ዎቹ እዚያ ማስታወቂያ ይቆርጥ የነበረው ጆ ዳንቴ፣ ፊልሙ ቀዝቀዝ ያለ ሲሆንበት የሚፈነዳ ሄሊኮፕተር ያስገባበት ነበር። ፊልሙ ውስጥ ሄሊኮፕተር የለም። በእህል ተራ ቋንቋ፣ ናሙናውን ከሌላ ጆንያ ዘግኖ ማሳየት ማለት ነው።

ኢኮኖሚስቱ ጆርጅ አከርሎፍ በ1970 ባወጣው ጽሑፍ፣ ገዢ የዕቃውን ጥራት መለየት ሲያቅተው ገበያው ሊፈርስ እንደሚችል አሳይቷል። ይሄኛው ገበያ ለዓመታት ሳይፈርስ የቆየው ትኬቱ ርካሽ ስለነበረ፣ ፊልሙም ወሬው ሳይዳረስ ወደ ሌላ ከተማ ስለሚሻገር ነው። ግማሹ ተመልካች እያወቀ ይታለል ነበር ቢባልም ሐሰት አይሆንም። ሌላው ግማሽ ግን ከደመወዙ ቀንሶ ከፍሎ ሄሊኮፕተሩን ሲጠብቅ አምሽቷል። ዛሬ ሰው በማስታወቂያዎቹ ዘና ብሎ የሚስቀው ኪሳራውን ያ ሰው አስቀድሞ ስለከፈለለት ነው።

በ2007 ኩዌንቲን ታራንቲኖና ሮበርት ሮድሪጌዝ ያንን ዘመን ለማስታወስ «ግራይንድሃውስ» የተባለ ፊልም ሠሩ። ከ50 ሚሊዮን ዶላር በላይ ወጥቶበት በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ያስገባው 25 ሚሊዮን ገደማ ነው። በመሀሉ ግን ለቀልድ የተሠሩ፣ ፊልም የሌላቸው ማስታወቂያዎች ነበሩበት። ከእነዚህ «ማቼቴ» በ2010፣ «ታንክስጊቪንግ» ደግሞ ከ16 ዓመት በኋላ በ2023 ሙሉ ፊልም ሆነው ለገበያ ቀረቡ።