«ተደረገ» በሚል ቃል ንስሐ የለም

በላስታ አድባራት ሥር ጎጆ ቀልሶ፥ ቁራሽ ለምኖ የሚማር የቅኔ ተማሪ፥ ቅኔ ከመቍጠሩ አስቀድሞ ግስ ያጠናል፤ ግሱንም በአምስቱ አዕማድ ያወጣዋል። እነርሱም አድራጊ፥ አስደራጊ፥ ተደራጊ፥ ተደራራጊና አደራራጊ ይባላሉ። «ገደለ» ባለ ጊዜ ገዳዩ ይታወቃል፤ «አስገደለ» ባለ ጊዜ አዛዡ ይታወቃል፤ «ተገደለ» ባለ ጊዜ የሞተው ብቻ ይታያል፤ «ተገዳደሉ» ባለ ጊዜ ሁለቱ ወገን ባንድ ይቀርባሉ፤ «አገዳደለ» ባለ ጊዜ ሰውን ከሰው ያጋጨው ይገለጣል። ይህ የጀማሪ ተማሪ ትምህርት ነው። ነገር ግን በ1960ዎቹ ዓመታት ኢትዮጵያን በደም ያጠቡ ሰዎች፥ ሽበት ከወረሳቸው በኋላ ይህን ትምህርት ፈጽመው የረሱት ይመስላሉ።

ስለ ቀይ ሽብርና ስለ ነጭ ሽብር ብዙ መጽሐፍ ተጽፏል፤ ብዙ ንግግርም ተነግሯል። በአብዛኛውም ስሕተት ተፈጸመ፥ ወጣት አለቀ፥ ደም ፈሰሰ ይባላል እንጂ፥ እገሌን የገደልሁት እኔ ነኝ፥ እገሌን አሳልፌ የሰጠሁት እኔ ነኝ የሚል ሰው ጥቂት ነው። በነአኩቶ ለአብ ዋሻ ውሃው ማንም ሳይቀዳው ከአለቱ ጣሪያ ይንጠባጠባል፤ የሰው ደም ግን አፍሳሽ ሳይኖረው አይፈስስም።

ለዚህ ዝምታ የሚሰጡት ምክንያት ብዙ ነው። አንዳንዱ «ዘመኑ ነው» ይላል። ዘመን ግን እጅ የለውም፤ ሰይፍም አይመዝም። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ስድሳ ያህል ሰዎች ያለ ፍርድ ሲረሸኑ የወሰኑና የተኮሱ ሰዎች ነበሩ። በሚያዝያ 1969 ዓ.ም. ሊቀ መንበር መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ደም መሰል ነገር የተሞላ ጠርሙስ በአደባባይ ሲሰብር ያጨበጨቡ እጆች ነበሩ። ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ቴዎፍሎስ በ1971 ዓ.ም. ተገድለው፥ ዐፅማቸው በ1984 ዓ.ም. ወጥቶ በጎፋ ቅዱስ ገብርኤል በክብር እስኪያርፍ ድረስ አሥራ ሦስት ዓመት አለፈ። በዚያ ሁሉ ዓመት መቃብራቸውን የሚያውቅ ሰው ነበረ፤ የቆፈረው ያውቅ ነበርና። በዚያው ዘመን ደግሞ የተሳደደውን ልጅ በጎታ ሥር የሸሸገች፥ የጎረቤቷንም ስም አልናገርም ያለች ሴት ነበረች። ዘመኑ ሁሉንም ገዳይ አድርጎ ቢሆን ኖሮ እርስዋ ከወዴት መጣች?

ሌላው «ታዝዤ ነው» ወይም «በቦታው አልነበርሁም» ይላል። የደርግ አባል የነበረው እሸቱ ዓለሙ በሆላንድ አገር ተከሶ፥ በደብረ ማርቆስ ስለ ተገደሉ 75 እስረኞችና ስለ ሌላም በደል በታኅሣሥ 2010 ዓ.ም. ዕድሜ ልክ ተፈረደበት። በችሎቱ ፊት በደርግ ስለ ተፈጸመው ሁሉ ይቅርታ ጠየቀ፤ የራሱን እጅ ግን ካደ። ደርግ ሰውነት የለውምና በደርግ ስም የቀረበ ይቅርታ ማንንም አያሳፍርም፥ ማንንም አያሳርፍም። ንጉሥ ዳዊት ኦርዮን በገዛ እጁ አልወጋውም፤ ደብዳቤ ጽፎ ወደ ጦር ሜዳ ሰደደው እንጂ። ነቢዩ ናታን ግን የአሞን ሰዎች ወጉት ብሎ አላለፈውም፤ አስደራጊውን እንደ አድራጊ ቈጥሮ ፊት ለፊት ከሰሰው። ዳዊትም ሠራዊቱን ሳያሳብብ ኃጢአቱን በራሱ ላይ ስላደረገ ምሕረት አገኘ።

ሦስተኛው ምክንያት ከሁሉ ይልቅ ብልሃት ያለበት ነው፤ «ተገዳደልን» ይላል። እውነት ነው፥ ኢሕአፓም ገድሏል፤ በመስከረም 1969 ዓ.ም. የመኢሶን አባል የነበረው ዶክተር ፍቅሬ መርዕድ በአዲስ አበባ በጥይት ወድቋል። ይሁን እንጂ ተደራራጊ ግስ ሚዛን የለውም። ግምጃ ቤትና ወኅኒ፥ ቀበሌና ጦር የያዘውን መንግሥት፥ ሽጕጥ ከደበቀው ተማሪ ጋር እኩል አድርጎ ያስቀምጣል። ደግሞም የሌላው በደል የአንዱን በደል አያጥብም። የንስሐ አባት ፊት የቀረበ ሰው የባልንጀራውን ኃጢአት ሲዘረዝር ቢውል የራሱን ሳይናዘዝ ይመለሳል። የደርግ ሰው የኢሕአፓን፥ የኢሕአፓም ሰው የደርግን በደል እየቈጠረ ሃምሳ ዓመት ሊሞላው ነው።

የተማሩ ሰዎች ደግሞ በአምስተኛው ግስ ይጠየቃሉ። በ«ዴሞክራሲያ»ና በ«የሰፊው ሕዝብ ድምፅ» አንዱ ወገን ሌላውን ሲያወግዝ፥ ወንድምን «ባንዳ»፥ ወንድምን «አናርኪስት» ብሎ ስም ሲያወጣ፥ ስም አውጪው ጠመንጃ አልያዘም ይሆናል። ስሙ የወጣለት ሰው ግን በማግሥቱ በድኑ በመንገድ ተገኘ። ቀለምም እንደ ጥይት ያገዳድላል፤ ስለዚህ ብዕር ይዞ የነበረው ሰው እጄ ንጹሕ ነው ብሎ ሊያልፍ አይገባውም።

አሁን ደግሞ «ያለፈውን መቈስቈስ እርቅ ያፈርሳል፤ ይቅርታውም ተጠይቆ አልቋል» የሚሉ አሉ። በግንቦት 2003 ዓ.ም. የ23 የደርግ ባለሥልጣናት የሞት ፍርድ ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተለወጠ፤ በ2004 ዓ.ም. መጀመሪያም ብዙዎቹ ከወኅኒ ወጡ። የሃይማኖት አባቶች በመካከል ገብተው ማለዳቸው የሚነቀፍ ሥራ አይደለም፤ ስለ እስረኛ መለመን የካህን ግዳጁ ነውና። ነገር ግን ምሕረት ቅጣትን ያነሣል እንጂ ኑዛዜን አይተካም። የማረው መንግሥት ነው፤ ልጇ የት እንደ ተቀበረ ያላወቀች እናት ግን ከማን አፍ ሰማች? «የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም» ያሉት አባቶች ቂምን ሊያስተምሩ አይደለም፤ የተወጋው ሳይጠየቅ ነገሩ እንደማይዘጋ ሊነግሩን ነው እንጂ።

እውነተኛው ኑዛዜ ምን እንደሚመስል ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያሻም። ሳውል በእስጢፋኖስ ላይ ድንጋይ አልወረወረም፤ የወጋሪዎቹን ልብስ ጠበቀ። እንደ ዛሬዎቹ ቢሆን ኖሮ፥ የቆምሁት ልብስ አጠገብ ነው ብሎ ባመለጠ ነበር። እርሱ ግን ሐዋርያ ከሆነ በኋላ፥ በኢየሩሳሌም በተቈጣ ሕዝብ ፊት ቆሞ፥ የሟቹን ስም ጠርቶ፥ በሞቱ መስማማቱንና ልብስ መጠበቁን ሳይቀንስ ተናገረ። ዘኬዎስም በደሌ ብዙ ነው ብሎ ብቻ አላለፈም፤ ምን ያህል አጥፍ እንደሚመልስ ቍጥሩን አስታወቀ። የላስታ ሰው ደግሞ የራሱ ምስክር አለው። ገድለ ላሊበላ እንደሚተርከው፥ ንጉሡ ሐርቤ ወንድሙን ላሊበላን አስገርፎ አሳድዶ ነበር፤ በኋላ ግን ራሱ ወደ በደለው ወንድሙ ወጥቶ ይቅርታ ጠየቀ፥ ዙፋኑንም ለቀቀለት። የዚያ የሐርቤ ልጅ ነአኩቶ ለአብ በተበደለው አጎቱ እጅ አደገ፤ ከእርሱም በኋላ ነገሠ ይባላል። አባት በደሉን ስላመነ ልጁ የደም ባለዕዳ ሆኖ አልቀረም።

የአገሩም ሥርዓት ይህን ይመስላል። ደም ያለበት ሰው እርቅ ሲፈልግ ድንጋይ ተሸክሞ በሟች ወገኖች እግር ላይ ይወድቃል። ሽማግሎች በመካከል ይቀመጣሉ እንጂ ድንጋዩን አይሸከሙለትም። ስለዚህ ከአሮጌ አብዮተኛ የሚፈለገው እንባ አይደለም፤ የሟቹ ስም፥ የመቃብሩ ስፍራ፥ የራሱም ድርሻ በአድራጊ ግስ ተነግሮ መገኘት ነው።

«ከተናገርሁ እከሰሳለሁ» የሚል ይኖራል። በሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 28 በሰው ዘር ላይ የተፈጸመ ወንጀል በይርጋ እንደማይታገድ ተጽፏል፤ ስለዚህ ፍርሃቱ ከንቱ አይደለም። ነገር ግን ዋጋ የሌለው ኑዛዜ ኑዛዜ አይባልም። በሚያዝያ 2016 ዓ.ም. የጸደቀው የሽግግር ፍትሕ ፖሊሲ ክስን ብቻ ሳይሆን እውነት ማፈላለግን፥ በሁኔታ የተወሰነ ምሕረትንና ለተጎዱት ካሣንም ይዟል። ፖሊሲው በወረቀት እንዳይቀር ግን አፉን የሚከፍት ሰው ያሻዋል።

ነገሩም ያለፈው ብቻ አይደለም። ላስታ ከ2013 እስከ 2014 ዓ.ም. ጦር ሲፈራረቅበት፥ በ2015 ዓ.ም. በአማራ ክልል በተነሣው ውጊያም እንደ ገና ሲጨነቅ ታይቷል። ከየወገኑ ጠመንጃ የጨበጠው ወጣት አንድ ቀን ሽማግሌ ይሆናል፤ ያንጊዜም የሚናገረውን ቃል ዛሬ ከአዛውንቶቹ ይማራል። አዛውንቶቹ «ተደረገ» ብለው ወደ መቃብር ቢወርዱ፥ እርሱም «ተደረገ» ለማለት ተስፋ አድርጎ ይተኵሳል። እንግዲህ በዚያ ዘመን የገደላችሁ፥ ያስገደላችሁ፥ ያገዳደላችሁም ሁሉ፥ ዕድሜያችሁ ሳያልቅ፥ የሟቾቹም እናቶች ፈጽመው ሳይሞቱ፥ ሂዱና በሰማችሁት በራሳችሁ ስም ተናገሩ።