የጅብ ሽንኩርት የበቀለበት ጨፌ ሥራ ፈት መሬት አይደለም

በአበባ ገበያ ካላ ሊሊ የሚባል ነጭ አበባ አለ። ሳይንሳዊ ስሙ ዛንቴዴስኪያ ኢትዮፒካ ነውና የእኛ ይመስላል፤ አገሩ ግን ደቡብ አፍሪካ ነው። የጥንት አውሮፓውያን አፍሪካን በጥቅሉ «ኢትዮጵያ» ይሉ ስለነበር የተሰጠ ስም ነው። የራሳችን የሆነው ክራይነም አቢሲኒከም ደግሞ በደጋና በወይና ደጋ፣ ክረምት ውሃ በሚተኛበት ሜዳ ላይ ነጭ አበባ እያወጣ «የጅብ ሽንኩርት» ተብሎ ቀርቷል። (ስሙ ለሌሎች መሰሎቹም ይሰጣል።) ሥሩ ሽንኩርት ቢመስልም ላይኮሪን የተባለ መርዝ አለበትና አይበላም።

ይህ ተክል የሚኖረው ሜዳው እርጥበቱን እስከያዘ ድረስ ነው። ቦይ ተቆፍሮ ውሃው ሲጠነፈፍ፣ ባህር ዛፍ ሲተከልበት፣ አፈሩ ለጡብ ሲወጣ አብሮ ይጠፋል። ከጊንጆ ጉዱሩ ብዙም በማይርቀው በቦዬ ረግረግ የምናየው ይህንኑ ነው። የጅማን ከተማ አቋርጦ የሚወርደው የአዌቱ ወንዝ ከተማው የጣለበትን ቆሻሻና ደለል ይዞ ወደ ቦዬ ይገባል፤ ረግረጉ ከፊሉን ያስቀርና ውሃውን ወደ ግልገል ጊቤ ይለቃል። ረግረጉ ሲጠብ ደለሉ የት እንደሚሄድ ግልጽ ነው። ከታች የኃይል ማመንጫ ግድብ አለ።

አርሶ አደሩ ጨፌ የሚያርሰው ተቸግሮ ነው፤ ሌላው ማሳ እሸት ሳይሰጥ ጨፌው በቆሎ ያደርሳል። ስለዚህ «አትንኩ» የሚለው ትእዛዝ ብቻውን አይሠራም። በኢሉባቦር ከ1989 እስከ 1992 ዓ.ም. አካባቢ የተካሄደው የእርጥብ መሬት ጥናት የተሻለ መንገድ አሳይቷል፦ የጨፌውን ራስጌ፣ ምንጩ የሚነሣበትን፣ ሳይታረስ መተው፤ ሰብል ከተነሣ በኋላ ቦዩን መልሶ መድፈን፤ በዓመት ሁለት ጊዜ አለማረስ፤ ባህር ዛፍን ማራቅ። ሙሉ በሙሉ የተጠነፈፈ ጨፌ ለጥቂት ዓመታት ያበላና ይደርቃል። ያን ጊዜ ለቤት ክዳን የሚታጨደው ሣርም፣ ለበዓልና ለቡና የሚጎዘጎዘው ቄጠማም፣ በበጋ የከብት ግጦሹም አይኖርም።

ሕጉም አዲስ አይደለም። በ1997 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 456 የእርጥብ መሬት ብዝኃ ሕይወት ተጠብቆ በአግባቡ ጥቅም ላይ እንዲውል ደንግጎ ነበር። የክልላችን ምክር ቤት ስሙን ከጨፌ የወሰደው አባቶች በለምለሙ መስክ ተሰብስበው ሕግ ይደነግጉ ስለነበር ነው፤ የወረዳ ዕቅድ ላይ ያንኑ መስክ «ያልለማ» ብሎ መመዝገብ ቢያንስ ያሳፍራል።

የልማት ሠራተኞች ዝናቡ ሲገባ፣ አበባው በሚታይበት ወቅት፣ ከቀበሌው ሽማግሌዎች ጋር ወጥተው የየጨፌውን ራስጌ ቢከልሉ ወጪው እንጨትና የአንድ ቀን ጉልበት ነው። ከባዱ የጡቡ ጉዳይ ነው። ጭቃ የሚያወጡት ወጣቶች የሚተዳደሩት በዚያ ስለሆነ፣ ከረግረጉ ውጭ አፈር የሚያገኙበትን ቦታ ሳይሰጡ ማስነሣት ሥራውን ወደ ሌላ ጨፌ ማዛወር ብቻ ይሆናል። ይህን ቦታ የመፈለጉ ኃላፊነት የከተማውና በዙሪያው ያሉት ወረዳዎች የጋራ ነው።