የጎጃም ባላገር በሲኒማችን

ብዙዎቹ የቀልድ ፊልሞቻችን የጎጃምን ባላገር ወደ ትርኢት ሲያወጡት አረንጓዴ ቁምጣ አልብሰው፣ ዱላ በትከሻው አጋድመው፣ በአዲስ አበባ ፎቅ ፊት አፉን ከፍቶ እንዲደነቅ ያደርጉታል፤ ይህም ልማድ ከመደጋገሙ የተነሣ ነውርነቱ ስለ ተረሳ፣ ደራሲውም ተዋናዩም ሣቅ ባስፈለገ ጊዜ ወደዚሁ ሰው ይሮጣሉ። እኔ ይህን የድንቁርና ሥራ እለዋለሁ፤ የቡሬን ገበያም ሆነ የፍኖተ ሰላምን አጥቢያ ተቀምጠው እንዳላጠኑ ሥራቸው ራሱ ይመሰክርባቸዋል።

በዚያው ቁምጣና በዚያው ዱላ ካደጉት ልጆች አንዱ፣ የበግ ለምድ ደርቦ፣ አኮፋዳውን አንግቦ፣ ከዛፍ ጥላ ሥር ለብቻው ተቀምጦ ሁለት ቤት ብቻ ያላትን ጉባኤ ቃና የተባለች ቅኔ ሲቆጥር ይውላል፤ ሰሙ ወርቁን ያለ ጊዜው እንዳይገልጥበት፣ ወርቁም ከሰሙ እንዳይርቅበት፣ ቃል ሲያነሣና ሲጥል ከንፈሩ ብቻ ይንቀሳቀሳል፤ በመምህሩ ፊት ቆሞ ሲነግርም አንዲት ቃል ብትዛነፍ ጉባኤው ሁሉ ያውቅበታል። እንግዲህ የምናላግጥበት አንደበት ይህ ነው!

ፊልም ሠሪዎቹ ግን የአንድ አውራጃ ነገር ለሌላው አይገባም፣ ገበያም የለውም ይላሉ። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት ፍቅር እስከ መቃብር ልብ ወለድ ባለታሪኩን በዛብህን ከፍኖተ ሰላም ጎረቤት ከማንኩሳ አስነሥተው፣ በስለትና በቤተ ክህነት ትምህርት አሳድገው ለመላው ኢትዮጵያ ሲያቀርቡት፣ አገሩ በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በራዲዮ አዳምጦ አዘነለት እንጂ፣ ማንኩሳን አላውቃትም ብሎ ጆሮውን አልደፈነም።

በደቡብ ህንድ ጠረፍ፣ በኬራላ፣ በማላያላም ልሳን የሚሠራውም ሲኒማ በዚሁ መንገድ ነው የከበረ። ዳይሬክተሩ ራሙ ካሪያት በ1957 ዓ.ም. ያወጣው ቼሚን የተባለ ፊልም፣ ከደራሲው ታካዚ ልብ ወለድ የተቀዳው፣ የዓሣ አጥማጆችን ኑሮና፣ ሚስት በምድር ካልታመነች ባሏን ባሕር ይውጠዋል የሚለውን እምነታቸውን ሳያፌዝበት ስላሳየ፣ የህንድን ፕሬዚዳንት የወርቅ ሜዳይ ተሸለመ። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የኩምባላንጊ ሌሊቶች የተባለው ፊልምም በኮቺ ከተማ አጠገብ ያለችውን መንደር ስም በርእሱ ላይ ተሸክሞ ሲወጣ አላፈረም።

ከእኛም ወገን ኃይሌ ገሪማ ምርት ሦስት ሺህ ዓመት በተባለው ፊልሙ ገበሬውን በሙሉ መዓርጉ አሳይቶናልና፣ አብነት አጣን ማለት አይቻልም። ስለዚህ የጎጃም ሰው ወደ ፊልም ሲገባ ዕዳውን፣ ቂሙን፣ ምኞቱንና ጸሎቱን ይዞ ይግባ፤ ሣቅ የግድ ካስፈለገም፣ እርሱ ራሱ በጠላ ቤትና በደቦ መካከል ነገር አዋዝቶ በሹሙና በባለጠጋው ላይ የሚያስቀውን ሣቅ ይቅረጹልን።