እግራቸው ብቻ የቀረ ሐውልቶች

በካምቦዲያዋ የሲየም ሪፕ ከተማ የሚሠሩ የጉዞ ወኪሎች ከአንኮር ዋት ቀጥለው ለገበያ የሚያቀርቡት አንድ የታወቀ መስመር አለ። ራቅ ብለው የሚገኙትን የጥንት ክመር ቤተ መቅደሶች በአንድ ቀን አሳይቶ የመመለስ ጉዞ ነው። የማስታወቂያው ቃል ከወኪል ወኪል ቢለያይም መንፈሱ አንድ ነው፤ የጠፋ ከተማ፣ በጫካ የተዋጠ መቅደስ፣ ሰው የረሳው ምድር። ጎብኚው ማለዳ ከሆቴሉ ደጃፍ በሚኒባስ ይወሰዳል። በመንገድ ላይ ቤንግ ሜሊያ ይታያል፤ ቀትር ሲቃረብ ኮ ኬር ይደረሳል፤ ከምሳ በኋላ ጥቂት ዞር ዞር ተብሎ ፀሐይ ሳትጠልቅ ወደ ሆቴል ይመለሳል። በዚህ አንድ ቀን ውስጥ ለጎብኚው የሚነገረው ታሪክ ከመነሻው የተዛባ ነው፤ ሳይነገር የሚታለፈው ደግሞ ከሚነገረው ይከብዳል።

በቅድሚያ ስለ ቦታው። ኮ ኬር ከሲየም ሪፕ በስተሰሜን ምሥራቅ በመኪና መንገድ 120 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። በጥንት የድንጋይ ጽሑፎች ቾክ ጋርግያር እየተባለ የተጠቀሰው ይህ ሥፍራ እ.ኤ.አ. ከ928 እስከ 944 የክመር መንግሥት መዲና ነበር (ከዚህ በኋላ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)። ንጉሡ ጃያቫርማን 4ኛ መዲናቸውን በአንኮር ሳይሆን በዚህ አድርገው፣ በእነዚያ ጥቂት ዓመታት ያስነሡት ግንባታ ዛሬም ያስደንቃል። ራሃል የሚባለው የውሃ ማጠራቀሚያ ርዝመቱ ከአንድ ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ፕራሳት ቶም ከሚባለው ታላቅ መቅደስ በስተጀርባ ሰባት እርከን ያለው፣ 36 ሜትር ገደማ ከፍታ ያለው ፒራሚድ ቆሟል። ከሁሉ በላይ ግን የኮ ኬር ክብር በቅርጻ ቅርጹ ነው። ከዚያ ዘመን በፊት የክመር ሐውልት በአመዛኙ ቀጥ ብሎ፣ ጸጥ ብሎ የሚቆም ነበር። የኮ ኬር ጠራቢዎች ድንጋዩን አንቀሳቀሱት፤ የሚታገሉ ዝንጀሮዎች፣ ለመዝለል የተነሡ ጀግኖች፣ ተንበርክከው የሚጠብቁ አገልጋዮች ከአሸዋ ድንጋይ ወጡ። ዩኔስኮ ሥፍራውን በዓለም ቅርስነት የመዘገበው በ2023 ነው።

እንግዲህ እነዚያ ሐውልቶች የት አሉ? የአንድ ቀን ጎብኚ ይህን ጥያቄ እንዲጠይቅ ፋታ አይሰጠውም።

ፕራሳት ቼን የምትባለውን አነስተኛ መቅደስ መመልከት ይበቃል። በዚያ ከማሃባራታ ትረካ የቢማና የዱርዮድሃና ፍልሚያ በድንጋይ ቆሞ ነበር። ሁለቱ ባላንጣዎች ሊገጥሙ ተነሥተዋል፤ ሌሎቹ ዙሪያውን ተቀምጠው ፍጻሜውን ይጠብቃሉ። በ1970ዎቹ መጀመሪያ የእርስ በርስ ጦርነት አገሪቱን ሲያምሳት ዘራፊዎች ሐውልቶቹን ከቁርጭምጭሚታቸው ላይ ሰብረው ወሰዷቸው። እግሮቹ ከነመቆሚያቸው በቦታቸው ቀሩ። ዱርዮድሃና በ1975 ለንደን ውስጥ ተሸጠ። በ2011 ደግሞ ኒው ዮርክ በሚገኘው የሶዝቢስ አጫራች ቤት ከሁለት እስከ ሦስት ሚሊዮን ዶላር ያወጣል ተብሎ ለጨረታ ቀረበ። ካምቦዲያ ተቃወመች፤ የአሜሪካ መንግሥት በ2012 ክስ መሠረተ፤ ሐውልቱ በ2014 ወደ አገሩ ገባ። ባላንጣው ቢማም በዚያው ዓመት ካሊፎርኒያ ከሚገኘው ከኖርተን ሳይመን ቤተ መዘክር ተመለሰ። በ2013 የኒው ዮርኩ ሜትሮፖሊታን ቤተ መዘክር ተንበርክከው የሚታዩ ሁለት አገልጋዮችን መልሶ ነበር። የእነዚህ የሁለቱ ነገር በተለይ ያስተዛዝባል። ራሳቸውና ገላቸው ወደ ቤተ መዘክሩ የገባው በተለያየ ዓመት፣ በተለያየ ስጦታ ነው። ራስ ከገላ ተለይቶ ሲመጣለት ‹‹ከወዴት መጣ?›› ብሎ አጥብቆ የማይጠይቅ የቅርስ ሊቅ ምን ዓይነት ሊቅ ነው?

በዚህ ንግድ ውስጥ ስሙ ደጋግሞ የሚነሣው ዳግላስ ላችፎርድ ነው። በባንኮክ ይኖር የነበረ እንግሊዛዊ ሲሆን፣ ስለ ክመር ጥበብ መጻሕፍት ያሳተመ፣ ከራሷ ከካምቦዲያ ሳይቀር የክብር ሽልማት የተቀበለ ሰው ነበር። በ2019 የተዘረፉ ቅርሶችን በማዘዋወር ኒው ዮርክ ውስጥ ተከሰሰ፤ ፍርድ ሳያገኘው በ2020 ሞተ። ሜትሮፖሊታን ቤተ መዘክር ከእርሱ ጋር የተያያዙ 14 የክመር ቅርጾችን ለካምቦዲያ ለመመለስ የተስማማው በዲሴምበር 2023 ነው። ዘራፊዎቹም ከሰማይ አልወረዱም። የመንደር ሰዎችና ወታደሮች ነበሩ። ከእነርሱ አንዱ፣ መርማሪዎቹ ‹‹አንበሳ›› የሚል መጠሪያ የሰጡት፣ በልጅነቱ በክመር ሩዥ ጦር ውስጥ የነበረ ሰው፣ በ2021 ከመሞቱ በፊት የቆፈረባቸውን ቦታዎች እየዞረ ለካምቦዲያ መርማሪዎች አሳይቷል። ጥፋቱን በቦታው ተገኝቶ የተናዘዘ ዘራፊ አለ፤ በዚያው ልክ የተናዘዘ ገዢ ግን ማግኘት ያስቸግራል።

ይህ ሁሉ በፍርድ ቤት መዝገብ የሰፈረ፣ በጋዜጣ የተጻፈ ነው። ምስጢር አይደለም። ይሁን እንጂ የአንድ ቀኑ ጉዞ ትርክት ውስጥ ቦታ የለውም፤ ባዶው መቆሚያ የሚታለፈው ‹‹ጊዜ ያፈረሰው›› በሚል ሐረግ ነው። ጊዜ ቁርጭምጭሚት ላይ ለክቶ አይሰብርም። ዛፍም የሐውልት ራስ ነቅሎ ወደ ለንደን አይልክም። በኮ ኬር በየቦታቸው የቀሩት በአብዛኛው ሊሸከሙ ያልተቻሉት ናቸው። ሊንጋ የሚባሉት የሺቫ ምልክቶች እንደ ግንድ ወፍረው ከነመቆሚያቸው በየመቅደሳቸው ውስጥ ተተክለዋል፤ የተረፉትም በክብደታቸው ነው። ጎብኚው እነርሱን ፎቶ አንሥቶ ሲወጣ የምርጫው ምክንያት አይነገረውም።

‹‹የጠፋ ከተማ›› የሚለው አባባልም የራሱ ጥፋት አለው። ለመሆኑ ለማን ነው የጠፋው? ፈረንሳዊው ሄንሪ ሙኦ በ1860 አንኮርን ‹‹አገኘ›› ሲባል በአንኮር ዋት መነኮሳት ይኖሩ ነበር። ራቅ ባሉት መቅደሶች አጠገብ ያሉት መንደርተኞችም የአካባቢው ጠባቂ መንፈስ ነው ለሚሉት ነአክ ታ ዕጣን ማጤስን አልተዉም። ከጫካው ዛፎች ሙጫ እያለቡ፣ ሩዝ እየዘሩ ኖረዋል። ሙጫው ጀልባ ይመረግበታል፣ ችቦ ይሠራበታል፤ ባለሙያው ከግንዱ ላይ የተፈለፈለውን ጉድጓድ አይቶ የማን ዛፍ እንደሆነ ያውቃል። ጫካው ባለቤት ነበረው ማለት ነው። የጠፋ ነገር ግን ባለቤት የለውም፤ ባለቤት የሌለውን ነገር ደግሞ ያገኘው ይወስደዋል። ፈረንሳዊው ጸሐፊ አንድሬ ማልሮ በ1923 ከባንቴይ ስሬይ መቅደስ ቅርጾችን አስነቅሎ ሲያጓጉዝ የተያዘው በዚህ ዓይነት አስተሳሰብ ነው። ተከሰሰ፣ ተፈረደበት፣ በይግባኝ ቅጣቱ ቀለለለት፤ በ1959 የፈረንሳይ የባህል ሚኒስትር ሆነ። ባንቴይ ስሬይ ያን ጊዜ ሩቅ ነበረች። ዛሬ ከሲየም ሪፕ ለግማሽ ቀን የሚሄዱባት ሆናለች።

በአፍሪቃ ቀንድ ያለ አንባቢ ይህን ለመረዳት ብዙ ማብራሪያ አያሻውም። በ1937 ወደ ሮም የተጋዘው የአክሱም ሐውልት በ2005 እስኪመለስ ድረስ አክሱምን የጎበኘ ሁሉ የጎደለውን ነገር ያውቅ ነበር፤ አስጎብኚው ይነግረው ነበርና። የላሊበላው አፍሮ አይገባ መስቀልም በ1997 ተሰርቆ አንድ ቤልጂጋዊ ቅርስ ሰብሳቢ እጅ ከተገኘ በኋላ በ2001 ተመልሷል። ጉድለቱን መናገር የጉብኝቱ አካል ሲሆን እንግዳው ገበያውን ያውቃል፤ ወደ አገሩ ሲመለስም የቤተ መዘክሩን መስኮት በሌላ ዓይን ያያል።

ለአንድ ቀኑ ጉዞ የሚሟገቱ ወገኖች መልስ አላቸው፤ መልሳቸውም ከንቱ አይደለም። የሠራተኛ ሰው ዕረፍት አጭር ነው፤ ጭራሽ ሳያይ ከሚቀር በአንድ ቀን ቢያይ ይሻለዋል ይላሉ። መንገዱ ሳይሠራ፣ በመቅደሶቹ ዙሪያ የተቀበረው ፈንጂም ሳይነሣ በፊት ወደነዚህ ቦታዎች መድረስ የቀናት ድካምና የሕይወት ሥጋት እንደነበረ ያስታውሳሉ። ጎብኚ የሚመላለስበት መቅደስ ከዘራፊ ይጠበቃል የሚለውም ክርክር እውነት አለው። ይሁንና የጉዞው ማጠር በራሱ አይደለም የተነቀፈው። አጭር ጊዜ ያለው ሰው አጭር እውነት ሊነገረው ይችላል። አንድ ባዶ መቆሚያ ፊት አስር ደቂቃ አቁሞ የዱርዮድሃናን ጉዞ መንገር ከፒራሚዱ የእንጨት ደረጃ ላይ ተሰልፎ ፎቶ ከመነሣት የበለጠ ጊዜ አይወስድም። አስጎብኚው ራሱም ሊወቀስ አይገባውም። አገሩ በጦርነት ያለፈ፣ ከወላጆቹ አፍ የክመር ሩዥን ዘመን የሰማ ሰው ነው፤ ብዙ ያውቃል። ደቂቃውን ቆጥሮ የሚሰጠውና ደስ የሚል ተረት እንዲነግር የሚያዘው አሠሪው ነው። እንግዳው ከነሐውልቶቹ ገዢዎች ከአንድ አገር የመጣ በሚሆንበት ጊዜ ደግሞ ዝምታው ይበልጥ ይመቻል።

የገንዘቡም ነገር አለ። ሚኒባሱ የሲየም ሪፕ፣ ሹፌሩ የሲየም ሪፕ፣ የታሸገው ውሃ የሲየም ሪፕ፣ አልጋውም እዚያው። በመንገድ ዳር ሩዝና ባቄላ በኮኮናት ወተት ለውሳ በቀርከሃ ጠብሳ ‹‹ክራላን›› የምትሸጥ ሴት መኪናው ከቆመላት ጥቂት ታገኛለች፤ ካልቆመ አቧራው ይደርሳታል። በመቅደሱ አጠገብ የሚኖረው ሰው የመጀመሪያው ጠባቂ እርሱ ነው፤ ሌሊት የሚመጣውን የጭነት መኪና የሚሰማውም እርሱ ነው። ከቅርሱ ጥቅም የማያገኝ ጠባቂ ምን እንደሚያደርግ የ1970ዎቹ፣ የ80ዎቹና የ90ዎቹ ዓመታት አሳይተዋል።

የባንቴይ ችማር ታሪክ ይህን ያጠናክራል። በሰሜን ምዕራብ በታይላንድ ድንበር አቅራቢያ የሚገኘው ይህ ታላቅ መቅደስ በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ግድም በጃያቫርማን 7ኛ ዘመን የተሠራ ሲሆን፣ በ1998 መጨረሻና በ1999 መጀመሪያ ምስል የተቀረጸበት ግድግዳው በታጠቁ ሰዎች እየፈረሰ በጭነት መኪና ተወሰደ። በታይላንድ የተያዙት 117 ቁራጮች በ2000 ለካምቦዲያ ተመልሰዋል። ከዚያ ወዲህ የመንደሩ ሰዎች ተደራጅተው እንግዳን በቤታቸው ማሳደር፣ ምግብ ማብሰል፣ መቅደሱን ራሳቸው ማስጎብኘት ጀመሩ። እንግዳው አንድ ሌሊት ሲያድር ገንዘቡም አብሮት ያድራል፤ ወሬውም ከሰው ወደ ሰው ይሄዳል። ይህ ዓይነቱ ሥራ ምን ያህል ለአደጋ የተጋለጠ እንደሆነ በ2025 ታይቷል። በዚያ ዓመት በጁላይና በዲሴምበር በሁለቱ አገሮች መካከል በተነሣው ውጊያ የድንበሩ አካባቢ ነዋሪዎች በብዛት ከቤታቸው ተፈናቅለዋል። ከትልቅ ከተማ ሆኖ የሚሸጥ የጉዞ ወኪል እንዲህ ሲሆን መስመሩን ይቀይራል። መንደርተኛው የሚቀይረው መስመር የለውም።

ስለዚህ ከወኪሎቹም ከጎብኚዎቹም የሚጠየቀው ነገር ቀላል ነው። ማስታወቂያው ‹‹የጠፋ›› የሚለውን ቃል ይተው፤ ‹‹የተዘረፈ›› ይበል። ወደ ኮ ኬር የሚሄድ ሰው አስቀድሞ ፕኖም ፔን በሚገኘው ብሔራዊ ቤተ መዘክር ይለፍ፤ ከኮ ኬር የመጣው ግዙፍ ጋሩዳና የሚታገሉት ዝንጀሮዎች በዚያ አሉ፤ ከውጭ የተመለሱት ሐውልቶችም የገቡት ወደዚያ ነው። አንድ ሌሊት ማደር የሚችል በመንደሩ ይደር። ማደር የማይችልም ቢሆን ከባዶው መቆሚያ ፊት ቆሞ የገዢዎቹን ስም ይስማ፤ ሶዝቢስን፣ ሜትሮፖሊታንን፣ ኖርተን ሳይመንን፣ ላችፎርድን። ይህን ሁሉ አብራርቶ ለመናገር ጊዜ የለም የሚል አሠሪ ካለ ከሲየም ሪፕ እስከ ኮ ኬር ያለውን መንገድ ይቁጠር። በሚኒባስ ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ይፈጃል፤ ያን ሁሉ ጊዜ ጎብኚው ተቀምጦ በመስኮት ከማየት በቀር ሌላ ሥራ የለውም።